ስለ ጤናችን፦ ካንሰርም ያልሆነ፣ ደኅናም ያልሆነ ዕጢ

ከየካ ክፍለ ከተማ፣ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን ሠፈር አንድ ወጣት የመንግሥት ሠራተኛ ደብዳቤ ጽፈውልናል። ደብዳቤው ረዘም ያለ ስለ ሆነ ፍሬ ነገሩን ብቻ እናቀርባለን። የ24 ዓመት ዕድሜ ያላት፣ በኮሌጅ የምትማር ታናሽ እኅት አለቻቸው። ባለፈው ዓመት ሆዷ እየተነፋ ሲሄድ ቤተ ሰቡ በመጀመሪያ የጨጓራ ነገር ነው ብሎ ቆየ፤ ቀጥሎም ጎረቤት ሌላ ነገር መጠርጠር ጀመረ፤ ልጅቱም ከሐሜቱ የተነሣ ከቤት መውጣት ተወች። እናቷ ሽንቁሩ ሚካኤል ወስደው ጠበል አስጠመቋት። በመጨረሻ በአልትራሳውንድ ሲታይ በግራ ኦቫሪዋ ላይ የሕፃን ራስ የሚያህል ዕጢ ተገኘና በቀዶ ሕክምና ወጣ። ከሳምንታት በኋላ የመጣው የምርመራ ወረቀት ግን ቤቱን ለሁለት ከፈለው። ወረቀቱ «ቦርደርላይን» ይላል። አጎትየው «ስሙን አሳምረው ነው እንጂ ካንሰር ነው፤ ቶሎ ኬሞ ትጀምር» ይላሉ። እናትየው ደግሞ «ካንሰር አይደለም ከተባለ ተመስገን ነው፤ ሁለተኛ የሆስፒታል ደጃፍ አትረግጥም» ብለዋል። ጠያቂያችን «ማንኛቸው ትክክል ናቸው? እኅቴስ ወልዳ ለመሳም ትችል ይሆን?» ሲሉ ይጠይቃሉ።

አጎትየውም እናትየውም ተሳስተዋል፤ ነገር ግን የሁለቱም ስሕተት ከፍቅር የመጣ ስለ ሆነ ሁለቱንም የሚያስታርቅ ማስረጃ እንፈልግላቸው።

ኦቫሪ የምንላት በማኅፀን ግራና ቀኝ የምትገኝ፣ ሦስት ሳንቲ ሜትር ያህል ርዝመት ያላት የእንቁላል ማመንጫ ናት። በዚህች ትንሽ አካል ላይ የሚበቅሉት ዕጢዎች ዓይነታቸው እጅግ ብዙ ነው። አብዛኞቹ ምንም ጉዳት የማያመጡ፣ ውኃ የቋጠሩ ከረጢቶች ናቸው፤ በወጣት ሴት ላይ የሚታየው ትንሽ ከረጢት ብዙውን ጊዜ በሁለት በሦስት የወር አበባ ውስጥ ራሱ ይጠፋል። በሌላው ጫፍ የኦቫሪ ካንሰር አለ፤ በአገራችን ሴቶች ላይ ከጡትና ከማኅፀን በር ካንሰር ቀጥሎ ከሚጠቀሱት አንዱ ነው፤ ብዙውን ጊዜም የሚደረስበት ከተሠራጨ በኋላ ነው። ልጅቱን ያገኛት በእነዚህ በሁለቱ መካከል የቆመው ነው።

ከእንጦጦ ግርጌ ለሚኖር ሰው ነገሩን በባሕር ዛፍ ማስረዳት ይቀላል። ባሕር ዛፍ ወደ አገራችን የገባው በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ የእንጦጦ አካባቢ ደን ለማገዶና ለቤት ሥራ እየተመነጠረ ካለቀ በኋላ ነው፤ ጠባዩንም የማያውቅ የለም። በግቢ የተተከለ ጽጌረዳ ቢበዛም ከግቢው አያልፍም፤ ጉዳት የሌለው ዕጢ እንዲሁ ነው። ባሕር ዛፍ ግን ሥሩን በአጥር ሥር ሰድዶ የጎረቤትን መሬት ይመጠምጣል፤ ካንሰርም ይህንኑ ያደርጋል። አሁን ደግሞ በግቢው ውስጥ ከልክ በላይ ተጠጋግቶ የበቀለ፣ ቅርንጫፉ የተምታታ፣ ሲያዩት የሚያሠጋ፣ ሥሩ ግን አጥሩን ያልተሻገረ ችግኝ እናስብ። ቦርደርላይን የሚባለው ዕጢ ይህ ነው። ሴሎቹ በዝተዋል፣ መልካቸውም ተለውጧል፤ ዳሩ ግን ከሥራቸው ያለውን ሥሥ ወሰን ጥሰው ወደ ውስጠኛው ሥጋ አልገቡም።

ይህን መካከለኛ ቦታ ሐኪሞች ራሳቸው ለመቀበል ብዙ ጊዜ ወስዶባቸዋል። አሜሪካዊው የማኅፀን ሐኪም ሐዋርድ ቴይለር በፈረንጅ አቆጣጠር በ1929 ስለዚህ ዕጢ ጽፈው «ከፊል አደገኛ» ነው አሉ። የዓለም የማኅፀንና የጽንስ ሐኪሞች ፌዴሬሽን ራሱን የቻለ ክፍል አድርጎ ያወጣው በ1971፣ የዓለም ጤና ድርጅት የተቀበለው ደግሞ በ1973 ነው። ከዚያም በኋላ ቢሆን ክርክሩ አላቆመም። በመሥሪያ ቤት ለምንውል ሰዎች ይህ የሚከተለው ነገር ሳያስገርመን አይቀርም። በዓለም አቀፉ የዕጢዎች መለያ ቍጥር ውስጥ ከዕጢው ስም ኋላ አንድ አኃዝ ይጨመራል፤ 0 ጉዳት የሌለው፣ 3 ካንሰር፣ 1 ደግሞ በመካከል ያለ ማለት ነው። ቦርደርላይን ዕጢ ቀድሞ በ3 ይመዘገብ ነበር። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2000 በወጣው ሦስተኛ እትም ግን ወደ 1 ተዛወረ። ስለዚህ ትናንት በካንሰር መዝገብ ትቈጠር የነበረች ሴት፣ በሽታዋ አንዳች ሳይለወጥ፣ ከመዝገቡ ወጣች። እንግዲህ አጎትየው «ስሙን አሳምረው ነው» ማለታቸው ከባዶ የመጣ አይደለም፤ ስሙ በእርግጥ ተለውጧል። የተለወጠው ግን ለማጽናናት ሳይሆን፣ እነዚህ ሴቶች በብዙ ዓመታት ክትትል ከካንሰር ሕመምተኞች እጅግ በተለየ ሁኔታ በሕይወት መኖራቸው ስለ ታወቀ ነው።

ቍጥሩም ይኸው ነው። ጉዳት የሌላቸውን ትተን ከቀሩት የኦቫሪ ሽፋን ዕጢዎች መካከል ከመቶ ከ10 እስከ 20 ያህሉ የዚህ ዓይነት ናቸው። ከሚያገኛቸው ሴቶች አንድ ሦስተኛ ያህሉ ዕድሜያቸው ከ40 በታች ነው። ከአራት ሦስቱ ያህል ዕጢው ከኦቫሪ ሳይወጣ ይደረስባቸዋል፤ እነዚህም ከአምስት ዓመት በኋላ ከመቶ ከ95 በላይ የሚሆኑት በሕይወት ይገኛሉ። ዓይነቱ በይበልጥ ሁለት ነው፤ አንደኛው ቀጭን ውኃ የሚቋጥር፣ ሁለተኛው እንደ ተልባ የሚዝለገለግ ፈሳሽ የሚይዝ። ውኃማው በሁለቱም ኦቫሪዎች ላይ መውጣት ይወዳል፤ እንደ ተልባ ያለው ደግሞ ብዙውን ጊዜ በአንድ ወገን ሆኖ እጅግ ይተልቃል።

አሁን ዋናው ነገር ላይ ደርሰናል። ይህን ዕጢ በእጅ በመዳሰስ፣ በአልትራሳውንድ በማየት፣ በደም ምርመራም ቢሆን ቦርደርላይን ነው ብሎ መቍረጥ አይቻልም። የሚታወቀው ወጥቶ በማይክሮስኮፕ ሲታይ ብቻ ነው። የከተማችን ሰው ፓቶሎጂ ሲባል የሚመጣበት የአስከሬን ምርመራ ነው፤ በየካ የሚገኘው የዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታል ለብዙ ዓመታት በዚሁ ሥራ ስሙ ይነሣ ስለ ነበር አይፈረድበትም። ነገር ግን የፓቶሎጂ ሐኪም አብዛኛውን ቀኑን የሚያሳልፈው የሕያዋንን ሥጋ ሲመረምር ነው። ዕጢው በፎርማሊን ተነክሮ ይላክለታል። እርሱም ቍራጮችን መርጦ፣ ውኃቸው ተመጥጦ በሰም ውስጥ እንዲቀበሩ ያደርጋል። ሰሙ በስለታም መሣሪያ ሲላጥ የእያንዳንዱ ልጥ ውፍረት ከአንድ ሚሊ ሜትር ሁለት መቶኛ እጅ ያህል ነው። ልጡ በመስተዋት ላይ ተለጥፎ ሐምራዊና ሮዝ ቀለም ከተቀባ በኋላ ወሰኑ ተጥሶ እንደ ሆነና እንዳልሆነ ይታያል። ዕጢው ሰፊ ሲሆን በአንዱ ጥግ ደኅና፣ በሌላው ጥግ ካንሰር ሊሆን ስለሚችል ለእያንዳንዱ ሳንቲ ሜትር ቢያንስ አንድ ቍራጭ መወሰድ ይኖርበታል። የሕፃን ራስ የሚያህል ዕጢ እንግዲህ ስንት ቍራጭ እንደሚሆን ይታሰብ። በአገራችን የፓቶሎጂ ሐኪሞች ከሕዝቡ ብዛት ጋር ሲተያዩ ጥቂቶች ናቸውና ውጤቱ ሳምንታት ቢወስድ ሐኪሙን ማማት አይገባም። የሚገባው ዕጢው በእርግጥ መላኩን መጠየቅ ነው። «ወጥቷል፣ አይተነዋል፣ ውኃ ብቻ ነው» ተብሎ ለቤተ ሰብ ታይቶ የተጣለ ዕጢ ማንነቱ ለዘለዓለም አይታወቅም።

ከቀዶ ሕክምናው በፊት ስለሚሰጠው የደም ምርመራም አንድ ቃል ልንናገር ይገባል። ሲኤ 125 የሚባለው ምርመራ ከፍ ብሎ ሲገኝ ብዙ ቤተ ሰብ ለቅሶ ይጀምራል። ይህ ቍጥር ግን በወር አበባ ጊዜ፣ በእርግዝና፣ በሆድ ዕቃ የሳንባ ነቀርሳም ጭምር ከፍ ይላል። አማርኛችን ነቀርሳ የሚለውን አንድ ቃል ለካንሰርም ለቲቢም ሲያውለው ኖሯል፤ ስናስበው የሚገርም ነው፤ በሴት ሆድ ውስጥ ሁለቱ በእርግጥ ይመሳሰላሉና። ቲቢ የሆድ ዕቃን ሽፋን ሲይዝ ሆድ ውኃ ይቋጥራል፣ ሰውነት ይከሳል፣ ሲኤ 125 ይወጣል፤ በምስልም ሲታይ የተሠራጨ የኦቫሪ ካንሰር ይመስላል። እንጦጦ ላይ ያለው የቅዱስ ጴጥሮስ ሆስፒታል ለብዙ ዓመታት የሳንባ ነቀርሳ ሆስፒታል እንደ ነበረ የሚያውቅ አንባቢ፣ ይህ በሽታ በእኛ አገር ሊረሳ እንደማይገባው አይስተውም። ናሙና ሳይወሰድ በቍጥሩ ብቻ ፍርድ መስጠት በስድስት ወር መድኃኒት የምትድነውን ሴት የማትድን አድርጎ ማሰናበት ሊሆን ይችላል።

ሕክምናውስ? ሕክምናው ቢላዋ ነው። ልጅ የመውለድ ጊዜዋን ያለፈች ሴት ከሆነች ሁለቱም ኦቫሪዎችና ቱቦዎቻቸው፣ ብዙውን ጊዜም ማኅፀኑ፣ ይወጣሉ። ወጣት ከሆነችና መውለድ ከፈለገች፣ ዕጢው ያለበት ኦቫሪ ከነቱቦው ወጥቶ ሌላውና ማኅፀኑ ይተዋሉ። ዕጢው በሁለቱም ላይ ከሆነ ወይም አንድ ኦቫሪ ብቻ ከቀራት፣ ከረጢቱ ብቻ ተፈልቅቆ ደኅናው ሥጋ እንዲቀር ይሞከራል። በሁሉም ዘንድ ሐኪሙ ሆዱን በሙሉ ማየት አለበት። ከሆድ ዕቃው በውኃ አጥቦ ይወስዳል፣ በአንጀት ላይ ከሚንጠለጠለው ሞራ ቍራጭ ያነሣል፣ የሚያጠራጥር ነገር ካየ ናሙና ይወስዳል፤ ዕጢው እንደ ተልባ የሚዝለገለግ ከሆነ ትርፍ አንጀትን አጥብቆ ይመለከታል፤ ከዚያ የመነጨ ዕጢ ኦቫሪ ላይ ሰፍሮ የኦቫሪ መስሎ ሊያታልል ይችላልና። ከረጢቱን ሆድ ውስጥ እንዳያፈርጠው ይጠነቀቃል። ስለዚህም ምክንያት የሚያጠራጥርን ከረጢት በመርፌ ቀድቶ «ማቅለል» አይመከርም።

ያንን የባሕር ዛፍ ምሳሌያችንን አንድ እርምጃ እንውሰደው። አንዳንድ ጊዜ ፍሬው በነፋስ ከአጥር አልፎ በጎረቤት መሬት ላይ ይወድቃል። ውኃማው ቦርደርላይን ዕጢም እንዲሁ በሞራና በሆድ ዕቃ ሽፋን ላይ ትንንሽ ፍንጣሪ ሊጥል ይችላል። ፍንጣሪው ላይ ላዩን ከተቀመጠ የሴትየዋ ተስፋ አሁንም መልካም ነው። ሥር ሰድዶ ከተገኘ ግን በዛሬው አመዳደብ ቦርደርላይን መባሉ ቀርቶ ዝግ ብሎ የሚያድግ የኦቫሪ ካንሰር ይባላል፤ ሕክምናውም ይለወጣል። ስለዚህ በወረቀቱ ላይ «ቦርደርላይን» ከሚለው ቃል ቀጥሎ ስለነዚህ ፍንጣሪዎች የተጻፈውን ማንበብ ያስፈልጋል።

አጎትየው ኬሞ ትጀምር ያሉት ዘመዳቸውን ለማዳን ነው፤ ይሁን እንጂ ለቦርደርላይን ዕጢ ኬሞ ጥቅም እንዳለው አልታየም። ኬሞ የሚይዘው በፍጥነት የሚራቡ ሴሎችን ነው፤ እነዚህ ግን ቀስ ብለው የሚያድጉ ናቸው። የሚተርፋት እንግዲህ የጠጉር መርገፍ፣ የደም ማነስና የቀረውን ኦቫሪ መጉዳት ብቻ ነው። ጨረርም አያስፈልጋትም።

መውለድን በሚመለከት መልሳችን ደስ የሚያሰኝ ነው። አንዲት ኦቫሪ የወር አበባን ለማስመጣትም፣ እንቁላል ለመስጠትም ትበቃለች። እንዲህ ያለ ቈጣቢ ቀዶ ሕክምና ተደርጎላቸው ለመፀነስ ከሞከሩት ሴቶች ግማሽ ያህሉ ያለ ሌላ ርዳታ እንደሚፀንሱ ታውቋል። ግማሽ ማለት ሁሉም ማለት እንዳልሆነ መሸሸግ አንፈልግም፤ ነገር ግን «ኦቫሪዋ ወጥቷል» የሚለውን ወሬ ሰምቶ እጮኛ የሚያፈርስ ወጣት ካለ ይህን ቢያነብ እንወዳለን። ሁለቱም ኦቫሪዎች በወጣትነት የሚወጡ ከሆነ ግን የወር አበባ ወዲያው ይቆማል፤ አጥንትና ልብም ይጎዳሉ፤ ስለዚህ ያለ አስገዳጅ ምክንያት አይደረግም።

እናትየው ደግሞ ያላወቁት ዕጢው ሊመለስ የሚችል መሆኑን ነው። ከረጢቱ ብቻ ሲወጣ የመመለሱ ነገር ኦቫሪው በሙሉ ከወጣበት ይልቅ ይበዛል፤ ሁለቱም ኦቫሪዎች ከወጡ ግን ከመቶ 5 ያህል ወይም ከዚያ በታች ነው። የሚመለሰው በአብዛኛው በቀረው ኦቫሪ ላይ፣ እንደ ገናም ቦርደርላይን ሆኖ ነው፤ በጊዜ ከታየ በሁለተኛ ቀዶ ሕክምና ይወጣል። በጥቂቶች ላይ ግን ካንሰር ሆኖ ይመለሳል። የሚያስቸግረው ደግሞ ጊዜው ነው፤ ከአሥር ዓመት በኋላ እንኳ ሊመጣ ይችላል። ስለዚህ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በየጥቂት ወሩ፣ ኋላም በየዓመቱ ሐኪም ዘንድ ቀርባ መመርመርና አልትራሳውንድ መነሣት ይኖርባታል። ልጆቿን ወልዳ ስትጨርስ የቀረው ኦቫሪ ይውጣ ወይስ ይቆይ የሚለው ሐኪሞችን የሚያከራክር ጥያቄ ነው፤ ያን ጊዜ ከሐኪሟ ጋር ትመክርበታለች።

ጠበሉን ስለ ማቆም ግን የጠየቀን የለም፤ እኛም አንልም። በ1999 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ፓትርያርክ አቡነ ጳውሎስ ምእመናን ጠበሉንም የኤች አይ ቪ መድኃኒቱንም አብረው እንዲወስዱ በይፋ ተናግረዋል። ለኤች አይ ቪ የተባለው ለአልትራሳውንድ ቀጠሮ የማይሆንበት ምክንያት አይታየንም። እናትየው ሚካኤል ሲሄዱ ልጅቱን ይውሰዷት፤ በቀጠሮዋ ቀን ደግሞ ወደ ሆስፒታል ይሸኟት።

ለወንድምየው የሚቀረው ሥራ የጸሐፊ ሥራ ነው፤ ከማንም ይልቅ እርሳቸው ያውቁበታል። የቀዶ ሕክምናውን ማስታወሻና የፓቶሎጂውን ወረቀት ቅጂ አስወጥተው አንድ ፋይል ይክፈቱ። በወረቀቱ ላይ የናሙናው ቍጥር ተጽፏል፤ በሰም የተቀበረው ቍራጭ በዚያ ቍጥር ለብዙ ዓመታት ይቀመጣል። ጥርጣሬ ካለ ቍራጩና መስተዋቱ በትውስት ወጥተው በጥቁር አንበሳ ወይም በቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል ሌላ የፓቶሎጂ ሐኪም እንዲያያቸው መጠየቅ ይቻላል። ሁለተኛ ዓይን መፈለግ የመጀመሪያውን ሐኪም መስደብ አይደለም፤ ወሰን ላይ የቆመን ዕጢ በሚመለከት ሐኪሞች ራሳቸው እርስ በርሳቸው ይጠያየቃሉ።

ይህን ስንጽፍ ደብዳቤ የማይጽፉልንን ሴቶች አሰብን። ከእንጦጦ ጫካ ቅጠልና ጭራሮ ተሸክመው ወደ ፈረንሳይና ወደ ሽሮ ሜዳ የሚወርዱት እናቶች ከ30 ኪሎ በላይ የሚመዝን ሸክም በጀርባቸው ያዝላሉ። ሆዳቸው ቢነፋ ሸክሙ ነው ይላሉ፤ ወገባቸውን ቢያማቸው ሸክሙ ነው ይላሉ። ሸክም የኦቫሪ ዕጢ እንደሚያመጣ የሚያሳይ ነገር የለም፤ ቡዳም አያመጣውም። የወሊድ መከላከያ እንክብልም በሐሜት እንደሚባለው አይደለም፤ እንዲያውም የኦቫሪ ካንሰርን አደጋ እንደሚቀንስ ታውቋል። ሸክሙ የሚያደርገው ምልክቱን መሸሸግ ነው። ምልክቱም ጩኸት የለውም፤ ሰውነት ሳይወፍር መቀነት እየጠበበ መሄድ፣ ጥቂት በልቶ ቶሎ መጥገብ፣ ሽንት ቶሎ ቶሎ መምጣት፣ ከእምብርት በታች የሚከብድ ነገር መሰማት ነው። ይህ ሁሉ ከሁለት ከሦስት ሳምንት በላይ ከቆየ በቅርብ ወዳለው ጤና ጣቢያ መቅረብ ይገባል። በድንገት በአንድ ወገን የሚቀሥፍ ሕመም ከማስታወክ ጋር ከመጣ ግን ዕጢው በግንዱ ላይ ተጠማዝዞ ደሙ ተቋርጦበት ሊሆን ይችላልና በዚያው ሰዓት ወደ ሆስፒታል መሄድ ነው፤ ለነገ ከተባለ ሊተርፍ ይችል የነበረው ኦቫሪ ይሞታል።